ኮሶ ልጠጣ ወይስ ኪኒን ልዋጥ? ከዛ በፊት ግን የትኛውን ምርመራ?

ባለፈው ቅዳሜ ጎረቤቴ እትዬ በአንድ እጃቸው ከሰበታ ገበያ የገዙትን ቀላ ያለ ኮሶ በፌስታል፣ በሌላኛው ደሞ ልጃቸው ከፋርማሲ ያመጣላቸውን አልቤንዳዞል ይዘው በሬ ላይ ቆሙ። "አንተ ላብራቶሪ አይደል እንዴ የምትሰራው፣ የቱን ልውሰድ?" አሉኝ። "ምን አይተው ነው እትዬ?" ስላቸው "ኧረ ምንም አላየሁም፣ ሆዴን እየነፋኝ ነው፣ ለፋሲካ ጥሬ በልቼ ስለነበር እሱ ይሆናል ብዬ ነው" አሉ። እዚህ አለምገና ላይ ይሄ ጥያቄ በየሳምንቱ ነው የሚመጣብኝ፣ ስለዚ አንዴ በደንብ ልጻፈውና ሚጠይቀኝን ሰው ሁሉ እዚህ ልላከው ብዬ ነው።

መልሱን ከፊት ልናገር፣ ለእትዬ ያልኳቸው "ሁለቱንም ያስቀምጧቸው፣ መጀመሪያ ዕቃ ልስጥዎትና ሰገራ ያምጡ" ነው። ምክንያቱም ሰው ሁሉ ሚያወዳድረው "ባህላዊ ይሻላል ወይስ ዘመናዊ" እያለ ነው፣ እኔ ግን በማይክሮስኮፕ ስር ስንት አመት ሳይ የቆየሁት ነገር ቢኖር ጥያቄው ሌላ መሆኑን ነው፣ የትኛው ትል ነው ሆድህ ውስጥ ያለው፣ የያዝከው ነገር ውስጥ ያለው ኬሚካል ደሞ እሱን ትል ይነካዋል ወይ ነው። ኮሶ ለአንድ አይነት ትል ጎበዝ ነው፣ አልቤንዳዞል ለሌላ አይነት ጎበዝ ነው፣ ሁለቱም ማይነኳቸው ደሞ አሉ፣ የእትዬ ልጅ ያመጣው ኪኒን እኮ ለጠረጠሩት ለኮሶ ትል ደካማ ምርጫ ነው፣ ማንም አልነገራቸውም።

ኮሶው

ከኮሶ ልጀምር፣ ሁላችንም እሱን ነው ምናውቀው፣ አማርኛችን ራሱ ትሉንም መድኃኒቱንም በአንድ ስም ነው ሚጠራው፣ "ኮሶ ታየኝ" ሲባል ትሉ ነው፣ "ኮሶ ጠጣሁ" ሲባል አበባው ነው። ዛፉ ደጋ ይወዳል፣ ከኛ ብዙም ሳይርቅ መናገሻ ሱባ ደን ውስጥ አለ። ወንድና ሴት ዛፍ አለው፣ ለመድኃኒት ሚፈለገው የሴቷ ቀላ ያለ አበባ ነው፣ ያኛውን ለቅሞ ደባልቆ ሚሸጥ አይጠፋም፣ ከደረቀና ከተወቀጠ በኋላ ማን ይለየዋል።

ውስጡ ያሉት ኬሚካሎች ኮሲን፣ ፕሮቶኮሲን፣ ኮሶቶክሲን ይባላሉ፣ ስማቸውን ከኛው ኮሶ ነው የወሰዱት። ፍሎሮግሉሲኖል ከሚባል ነገር የተሰሩ ናቸው፣ የሚገርመው አውሮፓ ውስጥ ለዚሁ ትል ድሮ ይጠጡት የነበረው የፈርን ስር ውስጥ ያለው ኬሚካልም የዚሁ ቤተሰብ ነው፣ ሁለት ማይተዋወቅ ህዝብ ሁለት ማይመሳሰል ተክል ይዞ አንድ አይነት ኬሚስትሪ ላይ ደረሰ ማለት ነው። ስራው የትሉን ጡንቻ ማሽመድመድ ነው። የበሬ ኮሶ ትል ራሱ ላይ 4 መምጠጫ አለው፣ በሱ ነው አንጀት ግድግዳ ላይ ተጣብቆ ሚኖረው፣ ጡንቻው ሲዝል ይለቃል፣ ከዛ ኮሶው ራሱ ሚያመጣው ተቅማጥ ጠርጎ ያወጣዋል። ጄምስ ብሩስ የሚባለው ስኮትላንዳዊ በ1770ዎቹ አካባቢ መጥቶ ስለዛፉ ጽፏል፣ በ19ኛው ክፍለ ዘመን ደሞ ኮሶ የአውሮፓ ፋርማሲ ውስጥ ገብቶ ይሸጥ ነበር። ስለዚ "ኮሶ አጉል ልማድ ነው" ምትሉኝ ተዉኝ፣ ይሰራል።

ችግሩ ልኩ ነው። አንድ እፍኝ ስንት ነው? የማን እፍኝ? አበባው መቼ ተለቀመ፣ ገበያ ላይ ስንት ጊዜ ቆየ፣ ዛፉ የት የበቀለ ነው፣ በነዚህ ሁሉ ውስጡ ያለው ኬሚካል ከፍ ዝቅ ይላል፣ ቆይቶ ያረጀ ኮሶ ኃይሉ ይቀንሳል። ስለዚ ባለፈው አመት የጠጡት ልክ ዘንድሮ ወይ አይሰራም ወይ ያስተኛል። ሲበዛ ማስመለስ፣ ሆድ መቁረጥ፣ ራስን መሳት አለ፣ ይሄን ሁሉ ደሞ እኛ "ቆሻሻውን እያወጣው ነው" ብለን እናልፈዋለን። ከሁሉ ሚያስፈራኝ ዓይን ነው፣ ኮሶ ከልክ ሲያልፍ የዓይን ነርቭ ይጎዳል፣ እይታ ሊጠፋ ይችላል። እርጉዝ ሴት ደሞ በፍጹም፣ ጽንስ ያስወርዳል። አያቴም ይሄን ታውቅ ነበር፣ "ነፍሰ ጡር ሽታው እንኳን አይድረሳት" ትል ነበር፣ ኬሚስትሪ ሳታነብ።

አንድ ነገር ልጨምር። ድሮ ሰው በየሁለት ወሩ ኮሶ ይጠጣ ነበር፣ የውጭ ተጓዦችም ጽፈውታል። እኔ እንደገባኝ ይሄ ቀጠሮ ዝም ብሎ አልመጣም። ትሉ ሲወጣ ሰውነቱ ተበጥሶ ራሱ አንጀት ላይ ከቀረ ከሁለት ከሶስት ወር በኋላ እንደገና አድጎ ቁራጭ መጣል ይጀምራል፣ አዲስ ጥሬ ስጋ ብትበሉም ሂሳቡ ያው ነው። ስለዚ ያ የሁለት ወር ልማድ ኮሶው ብዙ ጊዜ ራሱን ሳያወጣ ይቀር እንደነበር ይነግረኛል፣ አያቴ በእንጨት እያገላበጠች "ራሱ ወጥቷል ወይ" ብላ ምትፈልገውም ለዚህ ነበር። እኛ ላብራቶሪ ውስጥ አሁንም የምንፈልገው እሱኑ ራሱን ነው።

ሌሎቹ ቅጠላ ቅጠሎች

እንቆቆ ከኮሶ ቀጥሎ ሚጠየቅ ነው። ፍሬው ውስጥ ኤምቤሊን የሚባል ወደ ብርቱካን ቀለም ሚያደላ ኬሚካል አለ፣ ህንዶችም የዚሁ ዘመድ የሆነ ተክል ለትል ይጠቀማሉ። ከኮሶ ይልቅ ለሰው ይቀላል ይባላል፣ ግን ልኩን ማወቅ እዚህም ያው ችግር ነው፣ ልጅ ለመውለድ እየሞከራችሁ ከሆነ ደሞ ይቅርባችሁ፣ ኤምቤሊን እንስሳት ላይ ሲሞከር መራባትን የሚከለክል ጠባይ አሳይቷል።

መተሬ ደሞ ፍሬዋ ደቃቃ ናት፣ ሳፖኒን አላት፣ ሳፖኒን ማለት ውሃ ውስጥ ሲመታ እንደ ሳሙና አረፋ ሚያወጣው ነገር ነው። አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ፋርማሲ ያሉ ተመራማሪዎች ከመተሬ ፍሬ ልኩ የታወቀ ታብሌት ለመስራት ሰርተውበታል፣ እኔ በጣም ነው ደስ ያለኝ ምክንያቱም የባህል መድኃኒት ትልቁ ጉድለት ኃይል ማጣቱ ሳይሆን ልክ ማጣቱ ነው፣ ታብሌት ሲሆን እያንዳንዱ ፍሬ እኩል ይሆናል።

የዱባ ፍሬ ከሁሉም የዋህ ናት። ኩኩርቢቲን የሚባል አሚኖ አሲድ አላት፣ ትሉን ታደክመዋለች እንጂ ብቻዋን ትጥለዋለች ብላችሁ አትመኑ። ቆልታችሁ ብትበሏት ግን ማንንም አትጎዳም፣ ከምርጫዎቹ ሁሉ እኔ ሳልፈራ ምሰጠው እሷን ብቻ ነው፣ እንደ ቁርስ እንጂ እንደ መድኃኒት አይደለም ታዲያ።

ፌጦ ለ"አሜባ" እየተባለ በሎሚ ይጠጣል። ሰናፍጭ ላይ ያለውን አይነት ሚያቃጥል ሰልፈር ያለበት ዘይት አለው፣ ሰሃን ላይ ተህዋስ ሊጎዳ ይችላል፣ አንጀት ውስጥ ገብቶ አሜባ ያጠፋል ማለት ግን ሌላ ነገር ነው። ግራዋ ላይ ደሞ ሚገርም ታሪክ አለ፣ ታንዛኒያ ማሃሌ ተራራ ላይ ቺምፓንዚዎች ትል ይዟቸው ሲታመሙ የግራዋን ግንድ ልጠው ውስጡን ያኝካሉ፣ ጤነኞቹ ብዙም አይነኩትም፣ መራራ ነዋ። ግን ቺምፓንዚም ቢሆን ትንሽ አኝኮ ነው ሚተወው፣ እኛ ጋር አንድ ጆግ ሙሉ ይጠጣል።

እንዶድ ላይ ቆም ልበል፣ ሰው ሚሳሳትበት ስለሆነ። ዶክተር አክሊሉ ለማ በ1964 አድዋ ላይ ሴቶች በእንዶድ ልብስ ሚያጥቡበት ወንዝ፣ ከማጠቢያው ዝቅ ብሎ፣ ቀንድ አውጣዎች ሞተው አየ። ቢልሃርዚያን ሚያሳድጉት እነሱ ቀንድ አውጣዎች ስለሆኑ ከዛ ትልቅ ምርምር ተነሳ፣ በ1989 ደሞ ከዶክተር ለገሰ ወልደዮሐንስ ጋር ራይት ላይቭሊሁድ የሚባለውን ሽልማት ወሰዱ። ይሄን ሰምቶ "እንዶድ ቢልሃርዚያ ያድናል" ብሎ ሚጠጣ ሰው አለ! እንዶድ ወንዝ ውስጥ ያለውን ቀንድ አውጣ ነው ሚገድለው፣ ደማችሁ ውስጥ ያለውን ትል አይነካም፣ ሳፖኒኑ የህዋስ ሽፋን ሚቀድ ነው፣ የቀንድ አውጣውንም የናንተንም አይለይም። ልብስ እጠቡበት።

አሪቲና ጭቁኝም እንደዛው። ቱ ዩዩ የምትባለው ቻይናዊት ሳይንቲስት በ1970ዎቹ ለወባ አርቴሚሲኒንን ያገኘችው ከአርቴሚሲያ ተክል ነው፣ በ2015 ኖቤል ወስዳለች፣ አሪቲና ጭቁኝ የዛ ተክል ዘመድ ናቸው እንጂ እሱ አይደሉም። ደሞ እሷ ራሷ የተሳካላት መቀቀሉን ትታ በኤተር በዝቅተኛ ሙቀት ስታወጣው ነው፣ ሙቀት ኬሚካሉን ያበላሸዋል፣ ውሃ ውስጥም በደንብ አይሟሟም። ስለዚ ቀቅሎ መጠጣት ከአርቴሚሲኒን ሻይ ይልቅ ሽታው ደስ ሚል ሻይ ነው። ወባ ካለባችሁ ይሄ ጨዋታ አይደለም።

ኪኒኖቹ

እዚህ ጋር አጠር ላድርገው። ለኮሶ ትል ዋናው ፕራዚኳንቴል ነው፣ በኪሎ ከ5 እስከ 10 ሚሊግራም አንዴ ብቻ፣ ይሄው ኪኒን ለቢልሃርዚያ ሲሆን በኪሎ 40 ሚሊግራም ነው፣ ልጆች ላይ በብዛት ለምናየው ድንክ የኮሶ ትል ደሞ 25 ነው። አያችሁ አንድ ኪኒን ሶስት ልክ፣ ትሉ ሳይታወቅ ፋርማሲስቱ ስንት ይስጣችሁ? ኒክሎሳማይድም አለ፣ ለአዋቂ 2 ግራም፣ ታኝኮ ነው ሚዋጠው። አልቤንዳዞል 400 ሚሊግራም ለወስፋትና ለመንጠቆ ትል ነው፣ አንዴ ተውጦ የኮሶ ትል ላይ አይታመንም። ልኩን ሐኪሙ ነው ሚያዘው፣ እኔ የጻፍኩት ልዩነቱን እንድታዩ ነው።

ሰው ኪኒኑን ሚጠላበት አንድ ምክንያት አለ፣ ብዙ ሰው ሳይናገረው ነው ሚቀረው፣ ትሉ አይታይም! ኮሶ ጠጥተህ ሜትር ሙሉ ነገር ሲወጣ ታያለህ፣ ትረካለህ፣ ለጎረቤት ትናገራለህ። በፕራዚኳንቴልና በኒክሎሳማይድ ግን ትሉ እዛው ይፈራርስና እንደ ምግብ ይፈጫል፣ ምንም ሳታይ ትቀራለህ፣ ከዛ "ኪኒኑ አልሰራም" ትልና ኮሶ ትደግምበታለህ፣ በባዶ ሆድ፣ ለሌለ ትል። መስራቱ ሚታወቀው በመታየቱ ሳይሆን ከ1 ወርና ከ3 ወር በኋላ ሰገራ ተመርምሮ እንቁላልም ቁራጭም ሲጠፋ ነው።

ስለዚ የኮሶ ትል መሆኑ ከታወቀ የኔ ምርጫ ግልጽ ነው፣ ፕራዚኳንቴል፣ ልኩ ስለሚታወቅ ብቻ። ኮሶን ስለናቅኩ አይደለም።

የትኛው ምርመራ?

እውነቱን ለመናገር ገንዘባችሁን ምታባክኑት እዚህ ጋር ነው። "ሰገራ ተመርምሬ ምንም የለም ተባልኩ" ሚል ሰው ሲመጣ መጀመሪያ ምጠይቀው "ስንት ጊዜ?" ነው፣ መልሱ ሁሌም አንዴ ነው።

ቀላሉ ምርመራ ስላይድ ላይ በሳላይን (በጨው ውሃ) ሚታየው ነው፣ በየክሊኒኩ ያለው። እሱ ላይ ምንጠቀመው ሰገራ 2 ሚሊግራም አካባቢ ነው፣ የክብሪት እንጨት ጫፍ ታክላለች። ስለዚ እንቁላሉ ጥቂት ከሆነ እዛች ጫፍ ላይ አለመገኘቱ ሌላው ላይ የለም ማለት አይደለም። ጥቅሙ ግን ሌሎቹ የላቸውም፣ ሚንቀሳቀስ አሜባና ጃርዲያ ሚታየው በሱ ነው፣ ቀጭን ተቅማጥ ከሆነ ታዲያ በ30 ደቂቃ ውስጥ መታየት አለበት፣ ከሰበታ በታክሲ ተጉዞ ሰልፍ ጠብቆ ሲደርስ ሞቷል። ካቶ ካትዝ የሚባለው ደሞ 41.7 ሚሊግራም ይወስዳል፣ ያየነውን እንቁላል በ24 አባዝተን በአንድ ግራም ስንት እንዳለ እንናገራለን፣ ለወስፋት ለጅራፍ ትል ለቢልሃርዚያ ምርጥ ነው፣ የመንጠቆ ትል እንቁላል ግን ስላይዱ ከአንድ ሰዓት በላይ ከቆየ ይጠፋል፣ ስለዚ ባለሙያው ሻይ ሊጠጣ ወጥቶ ከመጣ ውጤታችሁ አብሮ ሄዷል። በፎርማሊንና በኤተር ማጠራቀም ሚባለው ደሞ አንድ ግራም ያክል አጥቦ አዙሮ እታች ያለውን ብቻ ያያል፣ ጥቂት ለሆነው ሁሉ እሱ ይሻላል።

አንዴ ውድ ቦታ ሄዶ ከመመርመር ቀላሉን ሶስት ጊዜ፣ ቀን እየዘለሉ፣ በ10 ቀን ውስጥ መመርመር ይሻላል፣ ጃርዲያ አንድ ቀን ይወጣል ሁለት ቀን ይደበቃል። ይሄን ምክር ማንም አይወደውም፣ ሶስት ቀን ዕቃ ይዞ መምጣት ያሳፍራል፣ እኔ ግን ዕቃውን በጥቁር ፌስታል ጠቅልዬ ነው ምሰጠው።

ለኮሶ ትል ደሞ ሰገራው ራሱ ብዙ ጊዜ ያሳስታል፣ ቁራጩ ሙሉ ሆኖ ነው ሚወጣው፣ እንቁላሉ ውስጡ ነው። ጠዋት ከመታጠባችሁ በፊት ፊንጢጣ ዙሪያ በስካች ተለጥፎ ስላይድ ላይ ቢታይ ለበሬው ኮሶ ትል ከሰገራው የተሻለ ነው። ከዛም ሚበልጠው ቁራጩን ራሱን ማምጣት ነው፣ ንጹህ ብልቃጥ ውስጥ ውሃ ጨምራችሁ፣ አልኮል የለ አረቄ የለ (አንድ ሰው በአረቄ አምጥቶልኝ ያውቃል፣ ሽታው ቀኑን ሙሉ አልወጣም)። እንቁላሉ የበሬውም የአሳማውም አንድ ነው ሚመስለው፣ ቁራጩ ግን ውስጡ ያለው ማህጸን ሚዘረጋው ቅርንጫፍ ብዙ ከሆነ የበሬው ነው፣ ጥቂት ከሆነ የአሳማው ነው፣ የአሳማው ትል የሰው ጭንቅላት ድረስ ሊሄድ ስለሚችል መለየቱ ትልቅ ነገር ነው።

ናሙና አወሳሰድ ላይ አንድ የከተማ ዳር ጉዳይ ልንገራችሁ። ጉድጓድ ሽንት ቤት ያላችሁ ሰዎች ከመሬት ላይ አንስታችሁ ታመጣላችሁ፣ አፈር ውስጥ ደሞ ከሰው ጋር ምንም ጉዳይ የሌላቸው ትናንሽ ትሎች ይኖራሉ፣ ስላይዱ ላይ ሲዋኙ አይቼ ልቤ ቆሞ ያውቃል። ወረቀት ወይ የኮባ ቅጠል ዘርጉና ከላዩ ውሰዱ፣ ሽንት አይግባበት። ኮሶ ወይ ሌላ ሚያስቀምጥ መድኃኒት ከጠጣችሁ በኋላ ደሞ አትምጡ፣ ሁሉ ነገር ተጠርጎ ስለሚሆን ማየው ውሃ ነው።

እና ይሄ "አሜባ" የሚባል ነገር። የራሴ አጎት በአንድ ክሊኒክ በአመት አራት ጊዜ አሜባ ተብሎ አራት ጊዜ መድኃኒት ወስዷል። ጎጂው አሜባና ምንም ማያደርገው ዘመዱ በማይክሮስኮፕ አንድ ናቸው፣ ቀይ የደም ህዋስ የዋጠ ካላየህ በስተቀር መለየት አይቻልም። ወረቀቱ ላይ አሜባ ሲባል ጠይቁ፣ ሚንቀሳቀሰው ነው ወይስ ሽፋን ውስጥ የተኛው፣ ደም ውጦ ነበር ወይ? ሊቆጣችሁ ይችላል፣ ይቆጣ።

ሰገራ ውስጥ ማይገኙት

ኮሶም ኪኒንም ከመምረጥ በፊት ሚጠየቁት እነዚህ ናቸው፣ ብዙም አይደሉም፣ ግን ሲያጋጥሙ ሰው ይሞትባቸዋል ወይ አመታት ይንከራተትባቸዋል።

አንዱ የውሻ ነው። በየሰፈራችን በግ ታርዶ ሳንባና ጉበቱ ላይ ውሃ የቋጠረ ከረጢት ሲገኝ "ይሄ አይበላም" ተብሎ ለውሻ ይወረወራል፣ ያ ነው ትልቁ ስህተት፣ ያ ከረጢት የሃይዳቲድ ትል ልጆች ናቸው፣ ውሻው አንጀት ውስጥ አድገው እንቁላል ይጥላሉ፣ ልጁ ውሻውን ዳብሶ እጁን ሳይታጠብ ሲበላ ደሞ እሱ ጉበት ላይ ያው ከረጢት ይቋጠራል። ይሄን ሰገራ መቼም አያሳይም፣ በሰው አንጀት ውስጥ የለማ። አልትራሳውንድ ነው ሚያሳየው። ከረጢቱ ዝም ብሎ ከተበሳ ደሞ ፈሳሹ ከባድ አለርጂ ያስነሳል። ኮሶ ጉበት ላይ ምን ሊያደርግ? የማይበላውን ከረጢት ቅበሩት ወይ አቃጥሉት።

ዱለት ወዳጆች ደሞ ይሄን ስሙ። የጉበት ትል እንቁላል አየሁ ብዬ አንድ ጎልማሳ ሰውዬ ላይ ሪፖርት ልጽፍ ስል "ትናንት ምን በሉ?" ብዬ ጠየቅኩ፣ "ዱለት፣ ለብለብ" አለኝ። የታመመች በግ ጉበት ከበላህ በጉበቷ ውስጥ ያለው እንቁላል ባንተ አንጀት ያልፍና በሰገራህ ይወጣል፣ አንተ ግን አልታመምክም፣ የጉበት ትል እንደዛ ሆኖ አይተላለፍም፣ በውሃ ዳር ቅጠል ነው ሚተላለፈው። ሳምንት ያክል ጉበት ሳይበላ ተመለሰ፣ እንቁላሉ የለም። እውነተኛው ቢሆን ኖሮ ደሞ መድኃኒቱ ትሪክላቤንዳዞል ነው፣ ፕራዚኳንቴል ለሱ አይሆንም፣ ሌሎቹን ጠፍጣፋ ትሎች በሙሉ ማለት ይቻላል እየገደለ ይቺን ግን ያልፋታል።

ስትሮንጂሎይደስ የሚባል ቀጭን ትል አለ፣ በባዶ እግር ከአፈር ሚገባ። እንቁላል ሳይሆን እጭ ነው ሚወጣው፣ እሱም በጣም ጥቂት፣ አንዴ በመመርመር በአብዛኛው ይሳታል፣ ባየርማን ወይ የአጋር ካልቸር የሚባሉ ልዩ የሰገራ ምርመራዎች ይፈልጋል። ሰውነት ውስጥ ራሱን እያራባ ለአስርት አመታት ዝም ብሎ ሊቀመጥ ይችላል፣ ከዛ ሰውየው ለአስም ወይ ለሌላ ነገር ፕሬድኒሶሎን የሚባለውን የስቴሮይድ መድኃኒት ሲጀምር በአንዴ ይፈነዳል፣ ይገድላል። ስለዚ ስቴሮይድ ሊታዘዝላችሁ ከሆነና የደም ምርመራችሁ ላይ ኢኦሲኖፊል የሚባለው የነጭ ደም ህዋስ ከፍ ካለ ለሐኪሙ "ትል ይታይልኝ" በሉት። መድኃኒቱ አይቨርሜክቲን ነው። ኢኦሲኖፊል ስል፣ ይቺ ቁጥር ሲቢሲ በሚባለው የደም ህዋስ ቆጠራ ላይ ብዙ ጊዜ አለች፣ ብዙ ሰው አያያትም፣ በሰውነታችን ስጋ ውስጥ ሚሄዱ ትሎች ከፍ ያደርጓታል፣ አሜባና ጃርዲያ ግን አያደርጓትም፣ በርካሽ ጥሩ ፍንጭ ናት።

መጨረሻ ከሰሊጥ ለቀማ ሚመለሱ ልጆች። ወለቴ አካባቢ አንድ ወጣት ከሁመራ መጥቶ ትኩሳቱ አልለቅ ብሎት፣ ከስቶ፣ ሆዱ በግራ በኩል አብጦ ሳለ ቤተሰቡ "ጣፊያ ነው" ብለው ግራዋም ኮሶም እያጠጡት ወር ሞላው። ካላዛር ነበር። የአሸዋ ዝንብ ሚያስተላልፈው ነው፣ ጣፊያና መቅኒ ውስጥ ሚኖር፣ ሰገራ ውስጥ ምን ይሰራል። አርኬ 39 የሚባል የጣት ደም ፈጣን ምርመራ አለ፣ ግን ምስራቅ አፍሪካ ላይ ህንድ ላይ እንደሚሰራው ጥሩ አይሰራም፣ ኔጌቲቭ ቢልም ምልክቱ ካለ ከጣፊያ ወይ ከመቅኒ ተወስዶ መታየት አለበት፣ ያ ደሞ ትልቅ ሆስፒታል ነው። "የት ነበርክ?" ሚለው ጥያቄ ከማንኛውም ማሽን ይቀድማል። ቆላ ወርዳችሁ ከመጣችሁ ሐኪሙ ባይጠይቃችሁም ንገሩት።

እትዬ ሶስቱንም ቀን አመጡ፣ እየተሳደቡም ቢሆን። የመጀመሪያው ምንም፣ ሁለተኛው ምንም፣ ሶስተኛው ላይ ጃርዲያ፣ ሲገለባበጥ። የኮሶ ትል በስካችም አልተገኘም። ሐኪሙ ቲኒዳዞል አዘዘላቸው፣ አልቤንዳዞሉን ልጃቸው መልሶ ወሰደ። ኮሶው ግን እስካሁን መደርደሪያቸው ላይ ነው፣ "ለሚመጣው ፋሲካ ይሆነኛል" ብለዋል፣ እኔም ጣሉት አላልኩም፣ ፌስታሉ ላይ የተገዛበትን ቀን ጽፌ የልጅ ልጃቸው ማይደርስበት ከፍ ወዳለው ቦታ አዛወርኩት።